ሰባት ወለዱ፣ ሰባት ሞቱ

ሰው ቆጣሪ ነበርሁ። ይህን ስናገር የሚስቁብኝ አሉ፤ ከብት ይቆጠራል እንጂ ሰው የሚቆጥር ባለሙያ አልሰማንም ይላሉ። ግን ነበረ። በሃምሳ ሰባት ዓመተ ምሕረት ክረምቱ ወጥቶ ከፎገራ ሜዳ ላይ ውሃው ገና ሳይጎድል፣ መንግሥት ከየአገሩ ጥቂት ጥቂት ቀበሌ እየመረጠ ሕዝቡን ሊያስቆጥር ተነሣና ለወረታ ዙሪያ ጽሕፈት የሚያውቅ ሰው ተፈለገ። እኔ ጣራ ገዳም ዜማ ስማር ጎልምሼ፣ ድጓውን ሳልዘልቀው ጥዬው የወጣሁ ሰው ነኝ። ድምፄ አልጠቀመኝም፣ ጽሕፈቴ ግን ያምራል። ስሜ ያየህ ነው አልኋቸው፣ ጻፍ አሉኝ፣ ጻፍሁ፣ ተቀጠርሁ።

እውነቱን ለመናገር ሥራውን የፈለግሁት ሰው ያለበት ቤት ለመግባት ነው። ሚስቴ ድንቅነሽ በሃምሳ አንዱ የወባ ዘመን ሞተችብኝ፤ ከዚያ ወዲህ በወረታ ከመኪና መንገዱ ዳር፣ ከአንዲት ጠላ ሻጭ ቤት ጀርባ ባለች አንዲት ክፍል ብቻዬን ነበር የምኖር። ወደ ጎንደርና ወደ ደብረ ታቦር የሚያልፈው የጭነት መኪና ሁሉ ከደጄ ላይ ይቆማል፣ ሰው ይወርዳል፣ ይጠጣል፣ ይሄዳል። ስድስት ዓመት ሙሉ አንድም ሰው ቤቴ ገብቶ ተቀምጦ አያውቅም። እኔም የማንንም ደጃፍ አልረገጥሁም። ብቸኝነት ሲበዛ ሰውን ክፉ ያደርጋል፤ እኔን ነገረኛ አድርጎኛል።

አስተማሪያችንና ተቆጣጣሪያችን ደሳለው የሚባል፣ ከእኔ በሃያ ዓመት የሚያንስ፣ ጫማው ሁልጊዜ የሚያብረቀርቅ የጎንደር ልጅ ነበር። ከወረዳው ግቢ ዋርካ ሥር ሰብስቦ አንድ ሳምንት አስተማረን። ከዋርካው ግንድ ላይ የአፍሪካን ካርታ ሰቀለና በዘንግ እየነካ ሱዳን ተቆጠረ፣ ጋና ተቆጠረ፣ ኬንያ ተቆጠረ፣ የቀረነው እኛ ነን አለን። የሚወለደው ሰው ከሚሞተው እየበለጠ ስለሄደ፣ ሠላሳ ዓመት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ የአህጉሩ ሕዝብ እጥፍ ይሆናል ብለው የሚገምቱ ሊቃውንት እንዳሉም ነገረን።

እኔ እጄን አነሣሁ። «አቶ ደሳለው፣ ይህን ካወቃችሁት እኛን ጭቃ ለጭቃ ምን ታንከራትቱናላችሁ?» አልሁ።

«ግምት ነው እንጂ መች አወቅነው፣ አቶ ያየህ» አለኝ። «ስንት እንደተወለደ ስንት እንደሞተ የተጻፈበት መዝገብ በዚህ አገር የለም። የምታውቀው እናትየዋ ብቻ ናት። እሷን ጠይቀን ነው የምናውቅ።»

መልሱ ጥሩ ነበር፤ ጥሩ በመሆኑ ተናደድሁ። እኔ ከወረታ ወደ ደረሰኝ ቀበሌ፣ ወደ ቁሐር ሚካኤል፣ ስሄድ በመንገዴ የማየው የፈረሰ ቤት ነው። ከወባው ዘመን በኋላ ጣሪያው ወርዶ፣ ግድግዳው ቆሞ፣ እጓሮው ላይ ቅሉ ሳይለቀም እንደ ተሰቀለ የቀረ ስንት ቤት አለ። ያ ካርታ ሕዝቡ እየበዛ ነው ይላል፣ እኔ ደግሞ በባዶ ቤት መካከል ነው የምሄድ። ከሁለታችን አንዳችን እንዋሻለን ብዬ አሰብሁ።

የሥራው ደንብ ሦስት ነበር። ጠይቅ፣ ጻፍ፣ የጻፍኸውን ለባለቤቱ ጮክ ብለህ መልሰህ አንብብ። ደሳለው ሦስተኛይቱን በጣም ይወዳት ነበር። ስሕተት የሚያዘው መልሶ በማንበብ ነው ይላል። እኔም ወደድኋት፣ ምክንያቱም ቢያንስ ለማንበብ ድምፄ ይበቃኛል።

ቁሐር ሚካኤል የደረስሁ በመስከረም መጨረሻ ነው። ሱሪዬን እስከ ጉልበቴ ሰብስቤ፣ ፎርሙን በቆዳ ጠቅልዬ እራሴ ላይ አድርጌ፣ የዋልካው ጭቃ እግሬን እየያዘ ሲለቀኝ፣ እየያዘ ሲለቀኝ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ደረስሁ። የቀበሌው ጭቃ ሹም መንግሥቴ ተቀበለኝ። ቄስ ገብረማርያምም ነበሩ፤ ሕዝቡ በዙሪያቸው ቆሟል።

«ንጉሥ ዳዊት ሕዝቡን ቢያስቆጥር ሰባ ሺህ ሰው በቸነፈር አለቀበት» አሉኝ ቄሱ። «እኛማ ሳንቆጠርም አልቀናል።»

«ሙሴም አስቆጥሯል፣ አባ» አልኋቸው። «ኦሪት ዘኍልቍን ምን ሊያደርጓት ነው?»

ቄሱ ጥቂት አሰቡና፣ ሙሴን ያስቆጠረው እግዜር ነው፣ አንተን ያስቆጠረህ ማን ነው አሉኝ። ሰዉ ሳቀ፣ እኔም ሳቅሁ፣ ሥራው ተጀመረ።

እንግዲህ በዚያ አገር ልጅን በቁጥር መጥራት እንደ ነውር ነው። ስንት ልጅ አለዎት ሲባል «እግዜር ያውቃል» ይላሉ፣ ወይም «ሁለት ሦስት ይሆናሉ» ብለው አምስት ልጅ ከኋላቸው ይሰለፋል። አንዲት ሴትዮማ «አራት ጥጃ አለኝ» አለችኝ፤ ከብት አልጠየቅሁም ብዬ ስቆጣ ለካ ልጆቿን ነው። ጥጃ ያለቻቸው ለዓይንም ለሞትም እንዳይታዩባት ነው። አራት ልጅ ብዬ ጽፌ መልሼ ሳነብላት ሁለት ጊዜ አማተበች። እኔ ደግሞ ጭራሽ ድምፄን ከፍ አደረግሁ። ያን ጊዜ ደንብ አክባሪ ነኝ ብዬ እኮራ ነበር።

በአራተኛው ቀን እናኑ ከምትባል ባልቴት ቤት ገባሁ። ወለዱ ወይ ብላት «አልወለድሁም» አለች። እቤትዎ ማን አለ ብላት «እኔና አገኘሁሽ የምትባል ልጄ» አለች። እሷ የነገረችኝን ጻፍሁ። ወለደች፤ የለም። ልጅ፤ አንድ፣ ሴት፣ ዕድሜዋ አሥራ አምስት። የማደጎ ትሆናለች ብዬ አለፍሁት፤ ልጠይቅ ይገባኝ ነበር፣ ጠላው ቀድሞ መጣና ተውሁት።

ጎረቤቷ ይርገዱ ናት። በሁለቱ ቤቶች መካከል ያለው አጥር አንድ ሰው በጎን የሚያሳልፍ ክፍተት አለው፤ ሣሩም በእግር ብዛት አልቋል። ይርገዱ ወደ አምሳ የሚጠጋት፣ ቀጭን፣ ባሏ የሞተባት ሴት ናት። ቤቷ ተጠርጎ ጸድቷል፤ የተጠረገ ባዶ ቤት ደግሞ ከቆሸሸው ይልቅ ያስፈራል፤ እኔ አውቀዋለሁ።

«ስንት ልጆች ወልደዋል?» አልኋት።

ወደ ደጁ አየች። «ሰባት» አለች።

«ስንቱ በሕይወት አሉ?»

«የሉም። ሰባቱም ሞተዋል።»

ስማቸውን ወረቀቱ አይጠይቅም ብላት ግድ የለም ብላ ዘረዘረችልኝ። አራቱ አንዳንድ ዓመት ሳይሞላቸው፣ ሦስቱ በሃምሳ አንዱ ወባ፣ በአንድ ጥቅምት። ስትዘረዝር አላለቀሰችም። እኔ የምጽፍበት ቦታ ስለሌለኝ እስክርቢቶዬን ይዤ ሰማሁ። ከዚያ ደንቤን አሰብሁና ወረቀቱን አንሥቼ፣ ጣራ ገዳም በተማርሁት የንባብ ድምፅ መልሼ አነበብሁላት።

«ሰባት ወለዱ፣ ሰባት ሞቱ፣ በሕይወት ያለ የለም።»

ይህን ሳነብ አንዲት ኮረዳ እንስራ አዝላ በደጁ ገብታ ቆማለች። እንስራውን አወረደችና «እመት ይርገዱ፣ ውሃውን አሳረፍሁልዎ» አለች። ፍንጭት ናት። ይርገዱም ፍንጭት ናት። ልጅቱ ወደ እኔ አየች፣ ወደ ወረቀቱ አየች፣ በአጥሩ ክፍተት ሾልካ ወደ እናኑ ቤት ሄደች። ይርገዱ ዓይኗን ከመሬት ሳታነሣ «እንዲያ ነው» አለች። እኔም ፎርሙን ጠቀለልሁና ወጣሁ። አላየሁም አልልም፣ አይቻለሁ፤ ግን ያየሁት ነገር ከፎርሙ ላይ የሚጻፍበት ቦታ አልነበረውም።

በጥቅምት መጀመሪያ ደሳለው ወረታ ላይ ወረቀቴን ሲመረምር እዚያችው ላይ ቆመ።

«ይህች እናኑ አልወለድሁም ብላለች» አለኝ። «ይህች አገኘሁሽ ደግሞ ልጇ ናት። እንዴት ነው ነገሩ?»

«የማደጎ ትሆናለች።»

«ትሆናለች አይሠራም፣ አቶ ያየህ። የወለደቻት ማን ናት? ሞታለች? ካልሞተች የት ናት? በዚያው ቀበሌ ካለች ከእሷ ቁጥር መግባት አለባት። አለዚያ በእርስዎ ወረቀት ልጅቱን ማንም አልወለዳትም።»

ቀጥሎ እንዲህ እንዲህ ያለው ስሕተት ሲደማመር የሞተውን አብዝቶ የቀረውን እንደሚያሳንስ፣ ቁጥሩ ከሌሎች አገሮች ቁጥር ጋር ሲቆም ውሸት እንደሚሆን አስረዳኝ። ልክ ነበር። በሦስት ቀን አጣርቼ ካልመጣሁ የቁሐር ወረቀት በሙሉ ለሌላ ሰው እንደሚሰጥ፣ ለሚቀጥለውም ዙር እንደማልጠራ ጨመረ። ይህን ሲለኝ የታየኝ ክፍሌ ናት። ክረምት ከበጋ በሯን ዘግቼ የመኪና ድምፅ የምሰማባት ክፍል። ተነሥቼ በዚያው ቀን ወደ ቁሐር ተመለስሁ።

መንግሥቴን እርሻው ላይ አገኘሁት። ውሃው ሸሽቶ ዋልካው መሰንጠቅ ጀምሯል፣ ሰዉ ሽምብራና ጓያ ሊዘራ በሬ ጠምዷል። የመጣሁበትን ስነግረው ማረሻውን አቆመና ዙሪያውን አየ።

«እኔ ነግሬሃለሁ እንዳትል» አለኝ። «ልጂቱ የይርገዱ ናት። የወለደችው ሲሞትባት ሲሞትባት ጊዜ ይችን በተወለደች በሦስተኛ ቀኗ ለእናኑ ሸጠቻት። በአንድ ቁና ጓያ። በዚያ አጥር ላይ አሻግራ ሰጠቻት፣ ጓያውን ተቀበለች፣ ገባች። ልጅ እንዲህ የሚሸጠው ሞት እንዳያውቀው ነው። ከዚያ ወዲህ ልጄ ብላ ጠርታት አታውቅም። ጡቱን እንኳ የምትሰጣት እናኑ ቤት ሄዳ እንደ ሞግዚት ነበር።»

«ልጅቱ ታውቃለች?»

«አገር የሚያውቀውን እንዴት አታውቅ። ግን ተብሎ አያውቅም።» ጭቃውን ከማረሻው ላይ ፋቀና ቀጠለ። «በወባው ጊዜ የይርገዱ ቤት ሦስት ሬሳ ሲወጣ ያች ልጅ ከአጥሩ ወዲያ አንድ ቀን ራሷን አላመማትም። እንግዲህ ይርገዱን አሁን ተናገሪ በላት። ልጅቱ ለጥር ከወንዙ ማዶ ልትዳር ነው፤ እስክትዳርና ወንዙን እስክትሻገር የእናኑ ናት። ከተሻገረች የባሏ ናት፣ ውሉም ያልቃል።»

እኔ የተማርሁ ነኝ፣ እንዲህ ያለ ነገር አላምንም። ግን ያን ጮክ ብዬ ያነበብሁትን ሳስበው ፊቴ ጋለ። ልጅቱ እንስራ እያወረደች፣ እናቷ ፊት፣ የለችም ብዬ አንብቤባታለሁ።

ይርገዱ ከደጇ ላይ ተቀምጣ በሰፌድ የዘር ሽምብራ ትለቅማለች። ነቀዝ የበላውን ወዲያ፣ ደህናውን ወዲህ። ተቀመጡ አለችኝ፣ ተቀመጥሁ። የመጣሁበትን ነገር አዟዙሬ ነገርኋት።

«ሰባት ነው ያልሁዎ» አለች።

«ሰባት ከሆነ ወረቀቱ ይበላሻል።»

«ይበላሽ።»

ተናደድሁ። ወረቀቱ ስምዎን አይዝም፣ ልጅቱን የሚበላ አውሬ አይዶለም፣ እኔም ሟርተኛ አይዶለሁም አልኋት። በዚያ በጭቃ ሁለት ጊዜ መመላለሴንም ጨመርሁ። ሰባት ልጅ የቀበረች ሴት ፊት ስለ እግሬ ጭቃ አወራሁ፤ እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል። እሷ ግን አልተቆጣችም። ሽምብራዋን እየለቀመች ጠየቀችኝ።

«ወረቀቱ የት ይሄዳል?»

«ጎንደር። ከዚያ አዲስ አበባ። እዚያ ከሌላው ሰው ጋር ይደመራል። ከዚያ ደግሞ ከሌላ አገር ሰው ጋር ያስተያዩታል፤ ከሱዳን፣ ከጋና፣ አፍሪካ ከምትባለው ሁሉ።»

«ምን ይሆናቸዋል?»

«ሰው እየበዛ እንደሆነ፣ እያነሰ እንደሆነ ለማወቅ ነው። ስንት ተወልዶ ስንት እንደሚተርፍ።»

«የእኔም ከዚያ ውስጥ ይገባል?»

«ይገባል። እንዳሉት ከተጻፈ፣ ሰባት ተወልዶ ማንም አልተረፈም ተብሎ ይገባል።»

እጇ ቆመ። ከአጥሩ ወዲያ እናኑና ልጅቱ ሲነጋገሩ ይሰማል፤ ልጅቱ «እማዬ» ብላ ትጣራለች፤ እናኑ ትመልሳለች። ይርገዱ ያን ድምፅ በየቀኑ እንዲህ ተቀምጣ ስትሰማ ኖራለች። አሥራ አምስት ዓመት።

ከደህናው ሽምብራ አንድ አንሥታ ከሰፌዱ ጠርዝ አኖረች። ሁለተኛውን አጠገቡ። ሦስተኛውን። ሰባት አድርሳ አቆመች። ከዚያ አንድ ትልቅ ፍሬ መርጣ፣ ከሰባቱ ራቅ አድርጋ፣ ለብቻው አኖረችው። ጣቷን ከላዩ አላነሣችም።

ገባኝ። እስክርቢቶዬን አወጣሁና ሰባቱን ሰርዤ ስምንት ጻፍሁ። የሞቱ፤ ሰባት። በሕይወት ያሉ፤ አንድ። ወረቀቱን አንሥቼ አፌን ስከፍት እጇን ዘረጋች።

«አያንብቡት» አለች። «ይሂድ እንጂ አይነበብ።»

አላነበብሁትም። ደንቤን ያፈረስሁባት የመጀመሪያዋ ቤት እሷ ናት። ፎርሙን ጠቅልዬ ልነሣ ስል ጠየቀችኝ።

«እርስዎስ?»

«እኔ ምን?»

«ስንት ወለዱ?»

ወረቀቱ ወንድ አይጠይቅም አልኋት። የሚጠየቁት ሴቶቹ ናቸው።

«እንግዲያ ሚስትዎ ተጠይቃለች።»

«ሚስቴ ሞታለች።»

«ታዲያ የእሷን ልጆች ማን ተጠየቀ?» አለች።

ተንኮል አልነበረባትም፣ ሊገባት ፈልጋ ነው። አንድ ሳምንት ሙሉ ዋርካ ሥር ተምሬ፣ ከመቶ በላይ ቤት ገብቼ፣ ይህ ነገር አንድ ቀን ታስቦኝ አያውቅም። የምንጠይቀው በሕይወት ያለችውን ሴት ነው። ድንቅነሽ የለችም፣ ስለዚህ አትጠየቅም፤ እሷ ካልተጠየቀች የወለደቻቸው አልተወለዱም፣ አልሞቱምም። ደሳለው ልጅቱን ማንም አልወለዳትም ያለኝ በእኔ ቤት ሆኗል፣ ያውም በእኔው እጅ።

«ማንም አልተጠየቀም» አልኋት።

ሰፌዱን ወደ እኔ ገፋ አደረገችው።

አንድ ሽምብራ አነሣሁና በባዶው በኩል አኖርሁ። «አንለይ ይባላል» አልሁ። «አራት ዓመቱ ነበር። ከእናቱ በሁለት ቀን ቀድሞ ሄደ።» ሁለተኛውን አነሣሁና ጣቴ ላይ ቀረ። ስድስት ዓመት ለማንም ያልተናገርሁትን ነገርኋት። ሴት ልጅ ነበረች። ሰማንያ ቀን ሳይሞላት፣ ክርስትና ሳትነሣ፣ በሰባኛ ቀኗ ሞተች። ስም የላትም። ፍትሐት አልተደረሰላትም፣ ከቤተ ክርስቲያን አጸድ ውጭ ነው የቀበርኋት። ሰው ከጠየቀኝ አንድ ነበረኝ እያልሁ ነው የኖርሁት፣ የሚጠይቀኝ ሰው ግን አልነበረም። እሷን መቁጠር ይገባኝ እንደሆነ አላውቅም አልኋት።

ይርገዱ ሽምብራውን ከጣቴ ላይ ወሰደችና ከአንለይ አጠገብ አኖረችው።

«ሚስትዎ ወልዳታለች አይዶለም?» አለች። «እንግዲያ ሁለት ናቸው።»

አለቀስሁ። ሰው ፊት ያለቀስሁት ድንቅነሽን ስቀብር ነበር፣ ከዚያ በኋላ ይህ ነው። እሷ አይዞዎትም አላለችኝም፣ ሽምብራዋን መልቀም ቀጠለች። ሲበቃኝ የሷን ስምንት፣ የእኔን ሁለት በመዳፏ ጠርጋ ከዘሩ ጋር ቀላቀለችው። ነገ ይዘራል፣ ለእሸቱ ይምጡ አለችኝ።

ወረታ ስመለስ ደሳለው ወረቀቱን አይቶ ደስ አለው። ስምንት፣ ሰባት፣ አንድ፤ አሁን ይገጥማል አለ። ስለ ሞቱት እናቶች ልጆች ጠየቅሁት። እነሱን ማን ይናገርላቸዋል አልሁት። እስክርቢቶውን አስቀመጠና ረጅም ጊዜ አሰበ፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጁን አልጠላሁትም።

«የሉም» አለኝ። «በዚህ አጠያየቅ አይገኙም። ሊቃውንቱ በግምት ይጨምሩላቸው ይሆናል።»

በግምት። እንግዲህ እኔም ካርታውም አልዋሸንም ነበር። ሕዝቡ እየበዛ ነው፤ የእኔም ቤት ባዶ ነው።

በጥር፣ በገበያ ቀን፣ መንግሥቴ መጥቶ ለአገኘሁሽ ሠርግ ጠራኝ። ሄድሁ። ሜዳው ደርቆ መንገዱ አቧራ ሆኗል፣ ሽምብራው እሸት ደርሷል። ዳሱ የተጣለው ከእናኑ ደጅ ነው። ልጅቱ ልትሄድ ስትል ጎንበስ ብላ የእናኑን ጉልበት ሳመች፣ የሽማግሌዎቹን ሳመች። እናኑ ልጄ፣ ልጄ እያለች አለቀሰች፤ ያሳደገቻት ናትና ይገባታል። ይርገዱ ከዳሱ ዳር ጠላ ትቀዳ ነበር። ልጅቱ እሷ ዘንድ ደረሰችና እንደ ማንኛዋም ጎረቤት ጉንጯን ሳመቻት፤ ጥቂት ቆየት አለች፤ ከዚያ ሚዜዎቹ በቅሎ ላይ አወጧት። ይርገዱ ማንቆርቆሪያዋን አልለቀቀችም።

ዘፈኑ እየራቀ ሄደ። እኔ ወጥቼ ከሽምብራው ማሳ ዳር ተቀምጬ እሸት እጠረጥራለሁ። ይርገዱ መጣችና አጠገቤ ቆመች። ዓይኗ ከወንዙ ላይ ነው።

«የእኔ ዓይን እዚያ ድረስ አያይልኝም» አለች። «በቅሎዋ ተሻገረች?»

«ተሻገረች።»

«ወዲያኛው ዳር ወጣች?»

«ወጣች። ሜዳውን ይዘዋል።»

ወደ ኋላዋ ዞር ብላ አየች። ሰው ሁሉ ዳሱ ውስጥ ነው።

«አንድ አለችኝ» አለች።

አፏ አልለመደውምና ቃሉ ሳብ ብሎ፣ ተቆርጦ ነው የወጣው። ያን ጊዜ የቀረብኝ ሥራ፣ ያላነበብሁላት ወረቀት፣ ትዝ አለኝ። ወረቀቱ አዲስ አበባ ሄዷል፣ ግን በቃሌ አውቀዋለሁ። ብድግ አልሁና፣ በዝግታ፣ ለእሷ ብቻ በሚሰማ ድምፅ መልሼ አነበብሁላት።

«ስምንት ወለዱ። ሰባት ሞቱ። አንዲት በሕይወት አለች።»

«እንዲያ ነው» አለች። ፊቷን በነጠላዋ ጠረገችና «የእርስዎንም ያንብቡት» አለችኝ።

«ሁለት ወለደች» አልሁ። «ሁለት ሞቱ።»

«እንዲያ ነው» አለችልኝ።

ከዚያ በኋላ ብዙ አልተነጋገርንም። እሷ ዋንጫ ልታጥብ ወደ ዳሱ ተመለሰች፣ እኔም ጀምበር ሳለ ወረታ ለመግባት መንገዴን ጀመርሁ።